የተዋናይ ሁለተኛ እንጀራ

ታዋቂ ተዋናይ በቴሌቪዥን እንግዳ ሆኖ ሲቀርብ የማዕረጉ ዝርዝር ከዓመት ዓመት እየረዘመ መጥቷል። ተዋናይ፣ ደራሲ፣ አዘጋጅ፣ ፕሮዲውሰር፣ የማስታወቂያ ባለሙያ፣ ባለሀብት ይባልና በቅርቡ ደግሞ ከመጨረሻው ላይ «አነቃቂ ተናጋሪ» ወይም «የአነቃቂ መጽሐፍ ደራሲ» የሚል ይታከልበታል። አቅራቢው ዝርዝሩን በአድናቆት ያነበዋል፤ ታዳሚውም ሰውየው በአንድ ሙያ ባለመወሰኑ ያጨበጭብለታል። እኔ ግን ይህን ዝርዝር ሳነበው ከሰውየው ትጋት በፊት የሚታየኝ የሙያው ጉድለት ነው። ፕሮዲውሰር የሆነው ለፊልሙ ገንዘብ የሚያወጣለት ሰው ስላጣ፣ ማስታወቂያ የሠራው ትወናው ቤት ኪራዩን ስላልሸፈነለት፣ መጽሐፍ የጻፈው ደግሞ ስሙ ከፊልሙ የበለጠ ገበያ ስላለው ሊሆን ይችላል። ስለዚህ አንድ ሰው ስንት ሥራ እንደሚሠራ መቁጠር ብዙም አያስረዳም። የሚያስረዳው የሁለተኛው ሥራ ትርፍ ወደ አንደኛው ተመልሶ መግባት አለመግባቱ ነው።

ነገሩ ዛሬ የተጀመረ አይደለም። የሀገር ፍቅር ቴአትር በ1927 ዓ.ም. ከተመሠረተ፣ የዛሬው ብሔራዊ ቴአትር ደግሞ በ1948 ዓ.ም. በንጉሠ ነገሥቱ የዘውድ ኢዮቤልዩ ከተከፈተ ወዲህ ኢትዮጵያዊ ተዋናይ ለብዙ ዘመን የመንግሥት ደመወዝተኛ ሆኖ ኖሯል። ደመወዙ ቀጭን ነበር፤ ግን ወር ሲሞላ ይመጣል፣ ጡረታም አለው። ቀጭኗን ደመወዝ ለመደጎም ተዋናዩ ሬዲዮ ላይ ያነባል፣ ያስተምራል፣ ይተረጉማል። በዚህ ረገድ ከተስፋዬ ሳህሉ የተሻለ ምሳሌ አይገኝም። ሴት ተዋናይ በመድረክ ላይ በማትገኝበት ዘመን ሴት ሆኖ የተጫወተው ይህ ሰው ኋላ የሀገሪቱ ልጆች ሁሉ አባባ ተስፋዬ ሆነ። ከአርባ ዓመት በላይ በቴሌቪዥን ተረት ነገረ፣ የተረት መጻሕፍትም አሳተመ። ሁለተኛውና ሦስተኛው ሥራው ከአንደኛው ሥር የበቀሉ ናቸው፤ ድምፁን፣ ፊቱንና እጁን የሚያዝበት ችሎታ መድረክ ላይ ባይለማመደው ኖሮ ልጆቹን ፊት ለፊቱ አስቀምጦ ያን ያህል ዘመን መቆየት አይችልም ነበር። ሀብታም አላደረገውም። ሙያውን ግን ወደ ሌላ ትውልድ አሻግሮታል፤ በ2009 ዓ.ም. ሐምሌ ላይ ሲያርፍ ለቅሶው የብዙ ሰው የልጅነት ለቅሶ የሆነውም ለዚህ ነው።

የመንግሥት ደመወዝ ዘመን ያበቃው የቪዲዮ ካሜራ ሲረክስ ነው። «ሂሩት አባቷ ማነው» በ1957 ዓ.ም. ስትሠራ የ35 ሚሊ ሜትር ፊልም ወጪ ምን ያህል ከባድ እንደነበር የሚያሳየው ከእርሷ በኋላ ለዓመታት የተሠሩት ባለ ሙሉ ርዝመት ፊልሞች በጣት የሚቆጠሩ መሆናቸው ነው። ዲጂታል ካሜራ ሲመጣ ግን ጥቂት ጓደኞች ገንዘብ አዋጥተው ፊልም መሥራት ቻሉ። ያኔ ከተነሡት ውስጥ ቴዎድሮስ ተሾመ ለዚህ ጽሑፍ ዋነኛ ምስክር ነው። በኤች አይ ቪ ላይ የሚያጠነጥነውን «ቀዝቃዛ ወላፈን»፣ የቀይ ሽብርን ዘመን የሚያነሣውን «ቀይ ስህተት»፣ «አባይ ወይስ ቬጋስ»ን እና የስደትን መንገድ የሚከተለውን «ሦስት ማዕዘን» ሲሠራ ትወናን፣ ድርሰትን፣ ዝግጅትንና ፕሮዲውሰርነትን በአንድ ሰው ትከሻ ላይ ጭኖ ነበር። ከሁሉም የሚበልጥብኝ ግን የሲኒማ ቤት ባለቤት ለመሆን መወሰኑ ነው። ለአዳራሹም በአፄ ቴዎድሮስ መድፍ ስም «ሴባስቶፖል» ብሎ አወጣለት። ፊልም ሠሪ የራሱ አዳራሽ ሲኖረው ወረፋ አይለምንም፣ ፊልሙ ከተመልካች ጋር ሳይገናኝ ከመርሐ ግብር አይወርድበትም፣ ከትኬቱ የሚቆረጠው ድርሻም ከአንድ ኪሱ ወደ ሌላው ይገባል። ይህ ንግድ ነው፤ ነገር ግን ትርፉ ወደ ፊልም የሚመለስበት ቧንቧ ያለው ንግድ ነው።

አዳራሽን እንዲህ የማነሣው ያለ ምክንያት አይደለም። የአዲስ አበባን ሲኒማ ቤቶች ዝርዝር ስናይ አምባሳደር፣ የፒያሳዎቹ ሲኒማ ኢትዮጵያና አምፒር፣ የቦሌ መንገዱ ዓለም፣ የኤድና ሞሉ ማቲ ይመጡብናል። ከእነዚህ ውስጥ ዓለም ሲኒማ የተዋናይ ንብረት አይደለም፤ ባለቤቱ ሯጩ ኃይሌ ገብረ ሥላሴ ነው። ለብዙ ዓመታት ተዋናዮቻችን የተወኑባቸው ፊልሞች የታዩበትን አዳራሽ የሠራው ሩጫ መሆኑ ስለ ሁለቱ ሙያዎች ብዙ ይናገራል። ወደ ሱሉልታ ወጣ ብንል ቀነኒሳ በቀለ ያሠራው የመሮጫ ትራክ አለ፤ የሯጭ ገንዘብ ወደ ሩጫ ተመልሶ ሲገባ ምን እንደሚመስል የሚያሳይ ነው። ሯጭ የሚከፈለው በውጭ ምንዛሪ ነው፣ ሽልማቱም በደንብ የተጻፈ ነው። ተዋናይ ግን በልማድ የሚከፈለው አንድ ጊዜ፣ በስምምነት፣ ብዙውን ጊዜም በከፊል ነው። ፊልሙ ሦስት ወር ቢታይ፣ በቴሌቪዥን ቢደገም፣ ዩቲዩብ ላይ ሚሊዮን ሰው ቢያየው የእርሱ ኪስ ያንኑ ያህል ይቀራል። እንግዲህ አንዱ ግንብ ሲገነባ ሌላው ማስታወቂያ የሚያነበው የባሕርይ ልዩነት ኖሯቸው አይመስለኝም።

ሌላው ያልተነገረ ጉዳይ ተመልካቹ የት እንደሚኖር ነው። ባለፉት ሃያ ዓመታት የቤት ኪራይ የገፋው ሕዝብ በጅማ መንገድ ወደ ሰበታ፣ በአምቦ መንገድ ወደ ቡራዩ፣ በጎጃም መንገድ እንጦጦን ተሻግሮ ወደ ሱሉልታ ወጥቷል። ፋብሪካዎቹም ወጥተዋል። ሦስቱ ከተሞች ራሳቸው በ2015 ዓ.ም. ከሌሎች ጋር ተጣምረው ሸገር ከተማ ተብለዋል። ሲኒማው ግን ባለበት መሀል ከተማ ቀረ። ምሽት ላይ ፊልም ያየ የቡራዩ አሸዋ ሜዳ ነዋሪ ሲወጣ ታክሲ የለም፣ ካለም ዋጋው ከትኬቱ ይበልጣል። እንደዚህ ያለው ተመልካች ሲኒማ መግባት ቢያቆም ፊልም ጠልቶ ነው አይባልም። ተዋናዩን የሚያየው በስልኩና በቤቱ ቴሌቪዥን ነው፤ ለዚያ ደግሞ የሚከፍለው ተመልካቹ ሳይሆን ማስታወቂያ አስነጋሪው ነው። የተዋናዩ ገቢ ከትኬት ወደ ስፖንሰር የዞረው በዚህ መንገድ ነው። ጥላሁን ጉግሳ በራሱ ፕሮዳክሽን «ቤቶች»ን ለዓመታት በቴሌቪዥን ሲያቀርብ ተዋናይም አሠሪም መሆን የቻለው ቤተሰብ ሁሉ የሚያየው ሳምንታዊ ድራማ ስፖንሰር ስለሚስብ ነው። ሠራዊት ፍቅሬም ከትወናው ጎን ለጎን የማስታወቂያ ድርጅት አቋቁሞ ድምፁን ከመሸጥ ሥራውን ወደ መሸጥ ተሻገረ። ሁለቱም የሄዱበት መንገድ ብልህነት አለበት፤ ከሌላ ሰው ጠረጴዛ ፊት ለፊት ከመቀመጥ ጠረጴዛውን መግዛት መረጡ።

ታዲያ ጠረጴዛው ራሱ በማን መሬት ላይ ቆሟል? መልሱን ፍለጋ ሰበታ መሄድ ይበቃል። የሜታ አቦ ቢራ ፋብሪካ በዚያ ይገኛል። በ2004 ዓ.ም. ጥር ወር ዲያጂዮ የተባለው የእንግሊዝ ኩባንያ ፋብሪካውን ከመንግሥት በ225 ሚሊዮን ዶላር ገዛው። ተከትሎ የመጣው የቢራ ፉክክር ለመዝናኛው ዘርፍ የደስታ ዘመን ነበር፦ ኮንሰርቱ፣ ተከታታይ ድራማው፣ የበዓል ዝግጅቱ፣ የመንገድ ላይ ሰሌዳው ሁሉ በቢራ ገንዘብ ይሠራ ነበር ማለት ማጋነን አይሆንም። ከዚያ በ2011 ዓ.ም. የወጣው የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112 የአልኮል ማስታወቂያን ከሬዲዮ፣ ከቴሌቪዥንና ከመንገድ ላይ ሰሌዳ አገደ። ለጤና የታሰበ ሕግ ነው፣ መውጣቱንም አልቃወምም። ነገር ግን በአንድ ወቅት፣ በአንድ አንቀጽ፣ የብዙ ድራማዎችና ተዋናዮች ዋና ገቢ ደረቀ። ዲያጂዮም በ2014 ዓ.ም. ሜታን ለቢራ ጠማቂው ቢጂአይ ባለቤት ለካስቴል ሸጦ ወጣ። ይህ ሁሉ ሲሆን ማስታወቂያውን የሠሩት ሰዎች በእጃቸው የቀረ ነገር አልነበረም። ፊታቸውን አከራዩ፣ የኪራዩ ዘመን አለቀ።

ይኸው ዲያጂዮ በሌላ አህጉር ከተዋናይ ጋር ያደረገውን ስምምነት ብናይ ልዩነቱ ፍንትው ይላል። ጆርጅ ክሉኒ ከባልደረቦቹ ጋር የመሠረተውን ካሳሚጎስ የተባለ ተኪላ እ.ኤ.አ. በ2017 ለዲያጂዮ የሸጠው እስከ 1 ቢሊዮን ዶላር በሚደርስ ዋጋ ነው። የመጠጥ ንግድ ለሥነ ጥበብ ይበጃል አልልም፤ ተኪላውም ፊልም አልሆነም። የስምምነቱ ዓይነት ግን ትኩረት ይገባዋል፤ እዚያ ተዋናዩ የተከፈለው ባለድርሻ በመሆኑ ነው፣ እዚህ ተዋናዩ የተከፈለው ካሜራ ፊት ብርጭቆ በማንሣቱ ነው። «በዓለም ዙሪያ ተዋናይ ሁሉ ነጋዴ ሆኗል፣ የእኛዎቹ ምን የተለየ ነገር አደረጉ?» ለሚለው ጥያቄ መልሴ ይህ ነው። ሜሪ ፒክፎርድ እ.ኤ.አ. በ1919 ከቻፕሊን፣ ከፌርባንክስና ከግሪፊዝ ጋር ዩናይትድ አርቲስትስን ስትመሠርት ዓላማዋ ፊልሞቻቸውን የሚያከፋፍለውን ኩባንያ ራሳቸው እንዲይዙት ነበር። ንግድ የገባችው የሙያዋን ቁልፍ ከሌሎች እጅ ለመውሰድ እንጂ ከሙያዋ ለመሸሽ አይደለም። ማዕረጉ በሁለቱም ሀገር «ፕሮዲውሰር» ነው፤ ከማዕረጉ ጀርባ ያለው ውል ግን አይገናኝም።

ሌላው ተቃውሞ ከዚህ የጠነከረ ነው፦ «ተዋናይ ሰው ነው፣ ልጅ አለው፣ ኪራይ አለበት፤ በሌላ ሥራ ቢበላ ምን አገባችሁ?» አያገባንም። ታሞ በቴሌቪዥን የዕርዳታ ጥሪ ከሚደረግለት፣ ሱቅ ከፍቶ ራሱን ቢችል እመርጣለሁ። ይህ ጥሪ ስንት ጊዜ እንደተደረገ የምናስታውስ ሰዎች የተዋናይን ሁለተኛ እንጀራ ልንነቅፍ ሞራሉም የለንም። የእኔ ቅሬታ ከሰውየው ጋር ሳይሆን ከተረኩ ጋር ነው። ሱቁ በችግር የተከፈተ ከሆነ በችግር የተከፈተ ይባል። «ህልሜን ተከትዬ» ተብሎ ሲነገር ግን ደመወዙ የማይበቃ ሙያ ጤነኛ መስሎ ይታያል፤ የተዋናዮች ማኅበር ስለ ውል፣ ስለ ኢንሹራንስና ስለ ተደጋጋሚ ስርጭት ክፍያ የሚያነሣው ጥያቄም የሰነፎች ማልቀስ ይመስላል። አንዱ ስለበረታ ሌላው ለምን አልበረታም የሚል ፍርድ ይከተላል።

የአነቃቂ መጽሐፉ ጉዳይ የሚከብደው እዚህ ላይ ነው። ምክር በአማርኛ ጽሑፍ ባዕድ አይደለም፣ እንዲያውም ከጥንቶቹ ዘርፎች አንዱ ነው። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ «ለልጅ ምክር፣ ለአባት መታሰቢያ»ን እና «ወዳጄ ልቤ»ን፣ ከበደ ሚካኤል «ታሪክና ምሳሌ»ን የጻፉት አንባቢው ኑሮውን እንዲያስተካክል ብለው ነው። በዘመናችንም የሥነ አእምሮ ሐኪሙ ዶክተር ምሕረት ደበበ «የተቆለፈበት ቁልፍ»ን ሲያወጡ፣ ዶክተር ኢዮብ ማሞ በተከታታይ ሲጽፉ ሰፊ አንባቢ አግኝተዋል። በእነዚህ ሁሉ ውስጥ መካሪው የሚታመነው በዕውቀቱ፣ በምሳሌው ወይም በክርክሩ ነው። ዝነኛው ተዋናይ ሲጽፍ ግን ማስረጃው ራሱ ነው፤ «እኔ ከዚህ ተነሥቼ እዚህ ደርሻለሁ፣ አንተም ትደርሳለህ» የሚል ነው። ማስረጃው ደግሞ ሊመረመር አይችልም፤ ምክንያቱም አብረውት ጀምረው የቀሩት መጽሐፍ አልጻፉም። ከዓለም ገና የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ፈረቃ ጨርሳ የምትወጣ ወጣት ይህን መጽሐፍ ስታነብ የሚነገራት የኑሮዋ ክፍተት በአስተሳሰቧ ውስጥ እንዳለ ነው። ከደመወዟ፣ ከታክሲዋና ከኪራይዋ ውስጥስ? እነዚህን የሚያነሣ ምዕራፍ እምብዛም አይገኝም።

እዚህ ላይ አንድ ሰው «ቢሆንም መጽሐፉ ያበረታታል፣ ተስፋ የቆረጠን ሰው ከአልጋው ያስነሣል» ቢል እውነት አለው። ማበረታታት ራሱ ትንሽ ነገር አይደለም፣ ተዋናይ ደግሞ ለማበረታታት የተሰጠ ድምፅ አለው። የሕንድ ፊልም ተመልካቾቻችን የሚያውቁት አኑፓም ኬር ለዚህ ጥሩ ማሳያ ነው። በገንዘብ ኪሳራ ከወደቀ በኋላ ውድቀቱን ራሱን አንስቶ ብቻውን የሚጫወተው የመድረክ ሥራ አደረገው፤ በሙምባይ የትወና ትምህርት ቤት ከፈተ፤ አነቃቂ መጽሐፉ እ.ኤ.አ. በ2011 የወጣው ከእነዚህ በኋላ ነው። መጽሐፉ ክብደት የሚያገኘው ከበስተጀርባው ተማሪ የሚወጣበት ትምህርት ቤትና በሕዝብ ፊት የተነገረ ኪሳራ ስላለ ነው። ሌላው የሕንድ ተዋናይ አሚታብ ባቻንም እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ አጋማሽ ያቋቋመው ኤቢሲኤል የተባለ የመዝናኛ ኩባንያ በዕዳ ሲዘፈቅ የታደገው አንደኛው ሥራው ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2000 የጀመረው የቴሌቪዥን የጥያቄና መልስ ውድድር ስሙንም ኪሱንም መለሰለት። ያን ያህል ዝና ያለው ሰው በንግድ መውደቁ ዝና የንግድ ዕውቀት እንዳልሆነ ይነግረናል፤ የወደቀው በአደባባይ መሆኑ ደግሞ ለተከታዮቹ ከማንኛውም ምክር ይበልጥ ጠቅሟል። በእኛ ዘንድ የከሰረ ፊልም ሒሳብ በአደባባይ አይነገርም። ፕሮዲውሰሩ መኪናውን ሸጦ ዕዳውን ይከፍልና ዝም ይላል፤ ቀጣዩ ወጣትም እዚያው ጉድጓድ ይገባል።

ከተማ ሲሰፋ ዕድሉም ይሰፋል። ሸገር ከተማ አዲስ ማእከላትን ሲያቅድ የስብሰባ አዳራሹን ፊልምና ቴአትር የሚታይበት አድርጎ ቢሠራው፣ ወይም ቦታውን ለባለሙያዎች ማኅበር በሊዝ ቢሰጥ፣ ሰበታና ቡራዩ ያለው ተመልካች በእግሩ የሚሄድበት መቀመጫ ያገኛል። በአፋን ኦሮሞ የሚሠሩ ፊልሞችና ድራማዎች ገበያም እዚሁ አለ፤ በሁለት ቋንቋ መተወን የሚችል ሰው በዚህ ዙሪያ ከሌላው የተሻለ ይቀናዋል። ለገንዘቡም ቢሆን ሕጉ ከሚታሰበው በላይ ተራምዷል። የቢራ ማስታወቂያ በታገደበት በ2011 ዓ.ም. የወጣው የተንቀሳቃሽ ንብረት ዋስትና መብት አዋጅ ቁጥር 1147 ግዙፍነት የሌለውን ንብረት ጭምር ለብድር መያዣ ማድረግ እንዲቻል በር ከፍቷል። አንድ ፊልም ወደፊት የሚያስገባው ገንዘብ መያዣ የሚሆንበት ጊዜ በወረቀት ላይ መጥቷል ማለት ነው። ባንኩ ግን ፊልም ስንት እንደሚያስገባ የሚገምትበት መዝገብ የለውም። የትኬት ሽያጭ አይታተምም፣ የስፖንሰር ውል ምስጢር ነው፣ የዩቲዩብ ገቢ ባለቤቱ ብቻ ያውቀዋል።

መዝገቡ ያላቸው እነዚያው ተዋናይ ሆነው ፕሮዲውሰርና ነጋዴ የሆኑት ሰዎች ናቸው። ለፊልሙ ስንት አወጡ፣ ከማን ተበደሩ፣ አዳራሹ ስንት ቆረጠ፣ ግብሩ ስንት ሆነ፣ የትኛው ፊልም አከሰራቸው፣ ኪሳራውን በምን ሸፈኑ? የሚቀጥለውን አነቃቂ መጽሐፍ የሚጽፈው ተዋናይ ይህን ሒሳብ ከነቁጥሩ ቢያስገባበት፣ ወጣት ፊልም ሠሪ ይዞት ባንክ የሚገባው፣ የማኅበሩ መሪ ይዞት ውል የሚደራደርበት ሰነድ ይሆናል። እንዲህ ያለ መጽሐፍ ሰበታ ላይም ሆነ ሱሉልታ ገዢ ያጣል ብዬ አላምንም።